ቦርድዎክ ኢምፓየር ሲዝን 1፣ ፒኪ ብላይንደርስ ወይስ ዘ አንታቸብልስ? ከየቱ ልጀምር ለምትሉ

የድሮ ጋንግስተር ሲሪስ ፈልጌ ነበር የቱን ልጀምር ሚለኝ ሰው በዝቷል፣ አብዛኛው ፒኪ ብላይንደርስን ጨርሶ እንደሱ አይነት ሌላ የለም ወይ ብሎ ሚመጣ ነው። እኔ ደሞ ሳላስብ ቦርድዎክ ኢምፓየር እላለሁ፣ ሰውየው ሄዶ ሁለት ኤፒሶድ ያይና "ይሄ ምንድነው፣ ሰዎች ቁጭ ብለው ሲያወሩ ነው እንዴ ማየው" ብሎ ይመለሳል። ጥፋቱ የኔ ነው መሰለኝ፣ ምን እንደሚወድ ሳልጠይቅ ነው ያዘዝኩለት። ስለዚ እስኪ አንዴ በደንብ ልጻፈው። ስፖይለር እንዳይበዛ እሞክራለሁ ግን ታሪክ ላይ ያለውን ነገር እናገራለሁ፣ የቺካጎው ጋንግስተር አል ካፖን መጨረሻ ላይ እስር ቤት እንደገባ መናገር ስፖይለር አይባልም መቼም።

ማወዳድረው የመጀመሪያ ሲዝኖቻቸውን ብቻ ነው፣ ዓመቶቹ ሁሉ እኤአ ናቸው። ለቸኮለ ሰው መልሱ ይሄው፦ ፖለቲካና ብር እንዴት አብረው እንደሚተኙ ማየት ምትወዱና ለማየት ሁለት ሶስት ሳምንት ያላችሁ ቦርድዎክ፣ ቅዳሜና እሁድ ብቻ ያላችሁ ፒኪ፣ ቴሌቪዥኑ ሳሎን ሆኖ እናትና አባት አብረው ሚያዩ ከሆነ ዘ አንታቸብልስ። ሌላው ማብራሪያ ነው።

መጀመሪያ ስለ ክልከላው ትንሽ

ይሄን ሳያውቁ ቦርድዎክን መጀመር ከባድ ነው። አሜሪካ በህገ መንግስቷ 18ኛ ማሻሻያ አልኮልን ከለከለች፣ ማሻሻያው በጃንዋሪ 1919 ጸደቀና ልክ ከዓመት በኋላ ጃንዋሪ 17 1920 ስራ ላይ ዋለ። ማስፈጸሚያው ቮልስቴድ ሚባለው ህግ ነው፣ ከ0.5 ፐርሰንት በላይ አልኮል ያለው መጠጥ ሁሉ ክልክል። አሁን ልብ በሉ፣ ክልክል የሆነው መጥመቁ፣ መሸጡ፣ ማጓጓዙ ነው እንጂ መጠጣቱ አይደለም። ከህጉ በፊት ገዝቶ ቤቱ ያከማቸ ሰው ቁጭ ብሎ መጠጣት ይችል ነበር፣ ሃኪም በማዘዣ ውስኪ ይጽፍ ነበር፣ ለቤተክርስቲያን ሚሆን ወይንም ይፈቀድ ነበር። ማለት ቀዳዳው ከህጉ ጋር አብሮ ነው የተወለደው፣ የጋንግስተሩ ስራ ቀዳዳውን ማስፋት ብቻ ነበር። ዲሴምበር 5 1933 በ21ኛው ማሻሻያ ተሻረና አለቀ። የቦርድዎክ ሲዝን 1 የመጨረሻው ኤፒሶድ የታየው ደሞ ዲሴምበር 5 2010 ነው፣ አስበውበት ይሁን አይሁን እንጃ ደስ ይላል ግን።

ቦርድዎክ

ኤችቢኦ ላይ ሴፕቴምበር 19 2010 ጀመረ፣ 12 ኤፒሶድ ነው፣ እያንዳንዱ አንድ ሰዓት ገደማ። የጻፈው ቴረንስ ዊንተር ነው፣ የመጀመሪያውን ኤፒሶድ ማርቲን ስኮርሴዚ ራሱ ነው ያዘጋጀው፣ በዛም ኤሚ ሚባለውን የቴሌቪዥን ሽልማት በልቷል። ለዛች አንድ ኤፒሶድ 18 ሚሊዮን ዶላር ገደማ ፈሷል ነው የተባለው፣ ብሩክሊን ውስጥ ሙሉ የባህር ዳር መንገድ ከነሱቁ ገንብተው ነው የቀረጹት። ቦርድዎክ ማለት እራሱ እሱ ነው፣ አትላንቲክ ሲቲ ባህሩ ዳር ላይ በጣውላ የተነጠፈው ሰው ሚንሸራሸርበት መንገድ።

ዋናው ሰውዬ ናኪ ቶምሰን ነው፣ ስቲቭ ቡሼሚ ነው ሚጫወተው። ስራው ምንድነው ብትሉ የካውንቲው ገንዘብ ያዥ። ሽፍታ አይደለም፣ ማፍያ አይደለም፣ ባለስልጣን ነው፣ ወንድሙ ኢላይ ደሞ ሸሪፍ ነው። ለኔ የሲሪሱ ቁልፍ እዚ ጋ ነው፣ ሰው ግን ያልፈዋል። ሌላ ጋንግስተር ፊልም ላይ ሌባው ፖሊስን ይሸሻል ወይ ጉቦ ይሰጣል፣ እዚ ግን ሌባው ቢሮ ውስጥ ነው ያለው፣ ፖሊሱ ታናሽ ወንድሙ ነው፣ ከንቲባ ማን ይሁን ሚለውን ሚወስነው እሱ ነው፣ ጉቦ ተቀባዩም አከፋፋዩም እሱ ነው። ስለዚ ተኩስ ብዙ አያስፈልገውም፣ አንድ ስልክ ይበቃዋል። "ያወራሉ እንጂ ምንም የለም" ላሉኝ ሰዎች መልሴ ይሄ ነው፣ ወንጀሉ ወሬው ውስጥ ነው።

የመጀመሪያው ኤፒሶድ ላይ ገና ሲጀምር ናኪ መጠጥ ሚቃወሙ ሴቶች ማህበር ፊት ቆሞ ልብ ሚነካ የልጅነት ታሪክ ይናገራል፣ ሴቶቹ ያለቅሳሉ፣ ከዛ ከአዳራሹ ወጥቶ ከፍላስኩ ይጎነጫል፣ ታሪኩ እውነት ነው ወይ ሲሉት እውነት ጥሩ ወሬ እንዲያበላሽ አትፍቀድ አይነት መልስ ይመልሳል። የዛኑ ሌሊት እኩለ ሌሊት ላይ ህጉ ሊጸና ሲል ባለስልጣኑ ሁሉ ለመጠጥ የቀብር ስነስርዓት አድርጎ ይጨፍራል። እነዚን ሁለት ትዕይንቶች አይታችሁ ፈገግ ካላችሁ ሲሪሱ የናንተ ነው፣ ካላላችሁ ወደ ፒኪ ክፍል እለፉ ቅር አይለኝም።

እውነተኛው ሰውዬ ናኪ ጆንሰን ይባል ነበር፣ ስሙን የቀየሩት ጸሃፊዎቹ እንደፈለጉ ሊያደርጉት ስለፈለጉ ነው፣ ልክም አደረጉ። እውነተኛው ግዙፍ ሰው ነበር፣ ቡሼሚ ደሞ ንፋስ ሚወስደው አይነት ነው። ሁለቱንም አንድ ሚያደርጋቸው ኮታቸው ላይ ሚሰኩት ቀይ አበባ ነው። እውነተኛውን የጣሉት በታክስ ነው፣ 1941 ተፈርዶበት አራት ዓመት ታስሮ ወጣ፣ 1968 አረፈ። ለጋንግስተር ታሪክ እንዲህ አይነት መጨረሻ ማን ይጠብቃል።

አንድ የተማርኩት ዘዴ ልንገራችሁ። ሲሪሱ ላይ ታሪክ ሚያውቃቸው ሰዎች አሉ፣ አል ካፖን፣ ላኪ ሉቺያኖ፣ ማየር ላንስኪ፣ የ1919ኙን የቤዝቦል ዋንጫ በማጭበርበር ስሙ ሚነሳው ቁማርተኛው አርኖልድ ሮትስቲን። እነዚ ሲዝን 1 ላይ እንደማይሞቱ ታውቃላችሁ፣ ሮትስቲን እንኳ 1928 ድረስ አለ፣ ታሪኩ ደሞ ያለው 1920 ላይ ነው። ስለዚ ጭንቀቱ ያለው የፈጠራ ሰዎቹ ላይ ነው፣ የናኪ ሹፌር ጂሚ፣ የከተማው ጥቁሮች መሪ ቾኪ ዋይት፣ ሪቻርድ፣ ማርጋሬት። ስሙ ዊኪፒዲያ ላይ ከሌለ ጸልዩለት። የታሪክ ሰውም ቢሆን ግን ቀኑን ያንቀሳቅሱበታል፣ የቺካጎው ቢግ ጂም ኮሎሲሞ በእውነት የተገደለው ሜይ 1920 ነው፣ እነሱ የመጀመሪያው ኤፒሶድ ላይ ጨርሰውታል።

ካፖን ደሞ ገና የ21 ዓመት ልጅ ሆኖ ነው ሚታየው፣ የጆኒ ቶሪዮ ሹፌርና ጠባቂ፣ ቀልደኛ፣ ባለጌ፣ ልጁ መስማት ይቸግረዋል። ሚጫወተው ስቲቨን ግራሃም እንግሊዛዊ ነው፣ በኋላ ፒኪ ብላይንደርስ ስድስተኛ ሲዝን ላይ ታገኙታላችሁ። የመጀመሪያው ኤፒሶድ ላይ እሱና ጂሚ መኪና አጠገብ ቆመው አለቆቻቸውን ሲጠብቁ ሚያወሩባት ቦታ አለች፣ ሁለት ሹፌር፣ በቃ፣ ከዛ የሆነው ሁሉ ሚመጣው ከሷ ነው።

ጉድለቱንም ልናገር። ሰው ይበዛል። ሶስት ከተማ ነው ያለው፣ አትላንቲክ ሲቲ፣ ቺካጎ፣ ኒውዮርክ፣ ሁሉም ባርኔጣ ያደርጋል፣ ሁሉም አንዱን "ሚስተር" ምናምን ይለዋል፣ መብራቱ ደብዛዛ ነው፣ ማን ማንን ከዳ ብላችሁ ሪዋይንድ ምታደርጉበት ጊዜ አለ። ምክሬ በመጀመሪያዎቹ ሁለት ኤፒሶዶች አምስት ሰው ብቻ ያዙ፣ ናኪ፣ ጂሚ፣ ማርጋሬት፣ የፌዴራሉ ወኪል ቫን አልደን፣ ሮትስቲን። ሌላው ቀስ ብሎ ይገባል። ቫን አልደን ደሞ ህግ አስከባሪው እሱ ነው ግን ከሁሉም ሚያስፈራው እሱ ነው፣ ሃይማኖተኛ ነው፣ ገላውን ይገርፋል፣ ማይክል ሻነን ሲጫወተው ዝም ብሎ ቆሞ ራሱ ያስፈራል።

የመጠጥ አሰራሩን ሳልናገር ባልፍ ቅር ይለኛል። ከቀብር አስፈጻሚ ቤት ስር ምድር ቤት ውስጥ ጠመቃ አለ፣ ላዩ ሬሳ ታቹ ውስኪ። አረቄ ሲወጣ ያየ ሰው ዕቃውን አይቶ ይስቃል፣ ነገሩ ያው ነው እሳት፣ ድስት፣ ቱቦ፣ ጠብታ። ልዩነቱ የነሱ ቀለም ተነክሮ የካናዳ ውስኪ ተብሎ መለጠፉ ነው።

ፒኪ

ቢቢሲ ቱ ላይ ሴፕቴምበር 2013 የጀመረ፣ ስድስት ኤፒሶድ ብቻ። በርሚንግሃም፣ 1919። እዚ ጋ አንድ ነገር ይስተካከል፣ ሰው ፒኪን የክልከላ ዘመን ሲሪስ ይለዋል፣ እንግሊዝ መጠጥ አልከለከለችም እኮ። የነቶሚ ሼልቢ እንጀራ የፈረስ ውርርድ ነው፣ የመጀመሪያው ሲዝን ጣጣ ደሞ ከፋብሪካ የተሰረቀ የጦር መሳሪያ ሳጥን በስህተት እጃቸው መግባቱ ነው። እውነተኞቹ ፒኪ ብላይንደርስ ሚባሉት የጎዳና ልጆች ስማቸው የገነነው በ1890ዎቹ ነው፣ ሲሪሱ ወደ አንደኛው የዓለም ጦርነት ማግስት ነው ያመጣቸው፣ ግድ የለም ያምርበታል።

እዚ ህጉ የት ነው ያለው? ከፊታቸው ነው። ኢንስፔክተር ካምቤል ከቤልፋስት ነው ሚመጣው፣ የላከው ቸርችል ነው፣ ሳም ኒል ነው ሚጫወተው፣ ከወንበዴዎቹ ይብሳል። ስለዚ ታሪኩ ቀጥ ያለ ነው፣ እሱ ያሳድዳል እነሱ ያመልጣሉ፣ አንድ ቤተሰብ፣ አንድ ሰፈር፣ አንድ መጠጥ ቤት። ስም መቁጠር የለም። ቶሚን ሚጫወተው ኪሊያን መርፊ ሲራመድ የዘመኑ ያልሆነ ጊታር ከኋላ ይጮሃል፣ ጭሱ፣ ብረቱ፣ ፈረሱ፣ ሁሉም ፖስተር ነው። እውነቱን ለመናገር አንዳንዴ ፖስተር ብቻ ነው፣ በተለይ ሁሉም በስሎው ሞሽን ሲሄድ እኔ ስልኬን አያለሁ። ግን ስድስት ኤፒሶድ ስለሆነ ሳይሰለቻችሁ ያልቃል፣ ጥበቡም እሱ ነው።

ሁለቱን በደንብ ማወዳደር ምችለው በወታደሮቹ ነው። ቶሚ ፈረንሳይ ውስጥ መሬት ስር ዋሻ ሲቆፍር የነበረ ነው፣ ሌሊት ግድግዳው ሲቆፈር እየሰማ አይተኛም፣ ኦፒየም ያጨሳል። ጂሚ ዳርሞዲ ደሞ ፕሪንስተን ዩኒቨርሲቲ ሲማር አቋርጦ ዘምቶ እግሩን ተመትቶ የተመለሰ ነው። ሁለቱም ከጦርነት መጥተው የሰላም ስራ አልገባ ያላቸው ሰዎች ናቸው። ልዩነቱ ቶሚን ጦርነቱ አዛዥ አድርጎታል፣ ሰፈሩ ሁሉ ይፈራዋል ያከብረዋል፣ ጂሚን ግን ጦርነቱ ሰው መግደል አስተምሮት ሲመለስ መኪና ንዳ ተባለ። ለኔ የጂሚ ይበልጥ ያማል። የቦርድዎክ ሰባተኛው ኤፒሶድ ላይ ደሞ ሪቻርድ ሃሮው ይመጣል፣ ግማሽ ፊቱን ጦርነቱ የወሰደው አነጣጣሪ፣ በቆርቆሮ ጭምብል ሚሸፍነው። ጭምብሉ ፈጠራ አይደለም፣ በዛን ጊዜ አና ኮልማን ላድ ሚባሉ አሜሪካዊት ቀራጺ ፓሪስ ውስጥ ለቆሰሉ ወታደሮች እንዲህ ያለ የብረት ፊት እየሰሩ ቀለም ይቀቡ ነበር። ሪቻርድ ትንሽ ነው ሚያወራው፣ ጉሮሮው እየተፋቀ፣ እና እሱን ያየ ሰው ከዛ በኋላ ስለ ሲሪሱ ሲጠየቅ መጀመሪያ ሚያነሳው እሱን ነው።

ሴቶቹ ላይ ብዙ ሰው ፖሊን ይመርጣል፣ የሼልቢዎቹ አክስት፣ ወንዶቹ ሲዘምቱ ስራውን ያስተዳደረችው፣ ሄለን መክሮሪ ነፍሷን ይማርና ድንቅ ነበረች። እኔ ግን ማርጋሬትን ነው ምመርጠው። አየርላንዳዊት ስደተኛ፣ ባሏ ሚደበድባት፣ መጠጥ ተቃዋሚ ማህበር ውስጥ ያለች፣ ከዛ በመጠጥ ከሚከብረው ሰውዬ ቤት ምትገባ። አውቃ ነው ወይስ ሳታውቅ ሚለው ጥያቄ ሲዝኑን ሙሉ ይነዳዋል። ኦገስት 1920 ሴቶች የመምረጥ መብት ሲያገኙ ናኪ መጀመሪያ ያሰበው ይሄን ድምጽ እንዴት ልውሰደው ነው፣ ናኪ ከንቲባ እንዲሆን ለሚፈልገው ለባደር ሴቶቹ ፊት ቆማ ንግግር ምታደርገው ማን እንደሆነች ገምቱ። ባደር እውነተኛ ሰው ነው፣ ከንቲባም ሆኗል።

ዘ አንታቸብልስ

ይሄኛው አያታችሁ ነው። ከ1959 እስከ 1963 ኤቢሲ ላይ፣ ጥቁርና ነጭ፣ ሮበርት ስታክ የፌዴራል የክልከላ ወኪሉን ኤሊየት ነስን ሆኖ። የመጀመሪያው ሲዝን 28 ኤፒሶድ ነው ግን አትደንግጡ፣ እያንዳንዱ ራሱን የቻለ ታሪክ ነው፣ አንዱን ዛሬ አይታችሁ ሌላውን ከወር በኋላ ብታዩ ሚጎድል የለም። ህጉ እዚ ጀግናው ነው፣ ፖሊስ አይሰርቅም፣ ሌባ ይያዛል፣ በሃምሳ ደቂቃ ገደማ ያልቃል።

ለታሪክ ትምህርት ግን እንዳታምኑት። እውነተኛው ነስ ቺካጎ ውስጥ የካፖንን ጠመቃ ቤቶች ሰብሯል፣ ካፖንን 1931 ያስፈረደበት ግን የታክስ ጉዳይ ነው። ሲሪሱ ላይ ያላሰረው ሰው የለም፣ ማ ባርከርን ሳይቀር ያሳድዳል፣ እሷን ያገኟት የኤፍቢአይ ሰዎች ናቸው 1935 ፍሎሪዳ ውስጥ፣ ነስ አጠገቡም አልነበረም። ጣልያን አሜሪካውያንም ሌባው ሁሌ የኛ ስም ነው ብለው ተቃውመውት ነበር፣ ልክ ናቸው። ያም ሆኖ ድምጹና ጥላው ያምራል፣ ሳሎን ውስጥ ሚያሳፍር ነገር የለበትም።

እሱን ካነሳሁ አይቀር ቦርድዎክን ከቤተሰብ ጋር እንዳትሞክሩት። ራቁትነት ከመጀመሪያው ኤፒሶድ ጀምሮ አለ፣ የናኪ ፍቅረኛ ሉሲ ስትመጣ ሪሞቱ እጃችሁ ላይ ይሁን። ፒኪ ትንሽ ይሻላል፣ ብዙ አይደለም፣ ስድቡ ግን ያው ነው።

ቋንቋው ላይ ሁለቱም ሰብታይትል ይፈልጋሉ። ፒኪ ላይ የበርሚንግሃም አነጋገር እንግሊዝኛችሁን እንድትጠራጠሩ ያደርጋል። ቦርድዎክ ላይ ቃሉ ይሰማል ግን የድሮ አባባል ይበዛል፣ ፖለቲካው ደሞ ማን ሪፐብሊካን ማን ዲሞክራት እንደሆነ ይዛችሁ መሄድ አለባችሁ፣ ስምንተኛው ኤፒሶድ የ1920 የሪፐብሊካን ጉባኤ ላይ ነው፣ ሃርዲንግ ለፕሬዝዳንትነት ሚታጭበት። እዛ ላይ ልጅ ይዛ ምትመጣውን የሃርዲንግን ውሽማ ናን ብሪተንን አስተውሏት፣ የልጄ አባት ሃርዲንግ ነው ብላ ስትከራከር ለብዙ አስርት ዓመታት ውሸታም ተብላ ነበር፣ 2015 ላይ በዲኤንኤ ተመርምሮ እውነቷን ሆኖ ተገኘ።

ይሄ ሁሉ ፖለቲካ ግራ ሚያጋባችሁ ከሆነ ቀድማችሁ የኬን በርንስና የሊን ኖቪክን ፕሮሂቢሽን ሚለውን ዶክመንተሪ እዩ፣ ፒቢኤስ ላይ 2011 የወጣ፣ ሶስት ክፍል፣ ወደ አምስት ሰዓት ተኩል። ሶስቱንም ካልቻላችሁ የመጀመሪያዋን ብቻ፣ ሴቶቹ ለምን መጠጥ እንደጠሉ እሷ ላይ ነው ያለው፣ የሰከረ ባል ቤት ስለሚመጣ ነው፣ ያንን ካያችሁ ማርጋሬትን በሌላ ዓይን ታዩዋታላችሁ።

አጨራረስ ላይ ደሞ ልዩነት አለ። ፒኪ ሲዝን 1 መሃል ላይ ነው ሚቆርጣችሁ፣ ወዲያው ሲዝን 2 ማውረድ አለባችሁ፣ ዳታችሁን አዘጋጁ። ቦርድዎክ በኖቬምበር 1920 የምርጫ ሌሊት ነው ሚዘጋው፣ የቀጣዩን ሲዝን ጠብ ያሳያችኋል ግን የጀመረውን ጨርሷል፣ እዛ ላይ ብታቆሙም አይከነክንም። ሙሉው አምስት ሲዝን 56 ኤፒሶድ ነው፣ ፒኪ ስድስት ሲዝን 36።

ቦርድዎክን ጀምራችሁ ሶስተኛው ላይ ከደከማችሁ አራተኛዋን ሳታዩ እንዳታቆሙ፣ ቾኪ ዋይት ከታሰረ ሰው ፊት ቁጭ ብሎ የአባቱን የአናጢነት ዕቃዎች እያወጣ ሚያወራባት ናት፣ ማይክል ኬ ዊሊያምስ ድምጹን እንኳ አያነሳም። ከሷ በኋላም ካልያዛችሁ ሪቻርድ እስኪመጣ ሰባተኛውን ጠብቁ። ያኔም ካልሆነ በቃ አጥፉት፣ ፒኪ በሁለት ሌሊት ያልቃል።